«ማኅበሩ የኛ፣ ማኅተሙ የነሱ!»

(በደብረ ታቦር ከተማ በአንድ የእናቶች የጽዋ ማኅበር ዓመታዊ ዝክር ላይ የተደረገ ንግግር። ለኅትመት ሲዘጋጅ ጥቂት ቦታ ታርሟል፤ አነጋገሩ ግን እንዳለ ተትቷል።)

እናቶቼ፣ እህቶቼ፣ እዚያ በሩ ጋ ቆማችሁ «እንግባ ወይስ እንሂድ» የምትባባሉ ወንድሞቼም፦ እንደምን ዋላችሁ?

ጥሪው የደረሰኝ በስልክ ነው። «ስለ ሴቶች ማኅበር ትንሽ ነገር ትነግሪናለሽ» ተባልኩ። «ምን ያህል ትንሽ?» ብል፣ «እንጀራው እስኪቀርብ» አሉኝ። ወጡ ከጓዳ መሽተት ስለጀመረ ቶሎ ልግባበት።

እኔ የታሪክ ምሁር አይደለሁም። ከኮሌጅ በዲፕሎማ ወጥቼ፣ ለዚህም ለዚያም ጋዜጣ እየጻፍኩ በጽሑፍ ልክ የሚከፈለኝ፣ አንዳንዴም የማይከፈለኝ ጋዜጠኛ ነኝ። ተወልጄ ያደግሁት እዚሁ ፋርጣ ውስጥ ነው። የጉና ብርድ እንዴት እንደሚቆረጥም ነጋሪ አልሻም። ስለዚህ ከመጽሐፍ ያነበብኩትንና ከእናቴ አፍ የሰማሁትን ቀላቅዬ ነው የማወራው። ምሁራኑ ይታገሱኝ።

«ሴት ቢያውቅ በወንድ ያልቅ» የሚባል ተረት አለን። ተረቱን ማን እንደተረተው አይታወቅም። ወንድ መሆኑ ግን ምንም አያጠራጥርም! እስቲ ዛሬ ከዚህ ተረት እንነሳ። እውነት «በወንድ ያልቅ» ነበር? ወይስ ሴቶቹ ጀምረው፣ ሴቶቹ ጨርሰው፣ ፊርማና ማኅተሙ ላይ ሲደርስ ብቻ ነው ወንዱ ብቅ ያለው?

ነገሩን ከሩቅ ልጀምረው። ከመቶ ሠላሳ ዓመት በፊት በአሜሪካን አገር፣ ቺካጎ በምትባል ከተማ፣ ሴት የምትመርጥበት ካርድ የላትም። የከተማው ምክር ቤት የወንዶች ነው። ቆሻሻው ግን የሁሉም ነው፤ ስደተኞች በሚኖሩበት ሠፈር በየጓሮው ተከምሮ ልጆችን ይፈጃል። ጄን አዳምስ የምትባል ሴት ከጓደኛዋ ጋር ሆና እ.ኤ.አ. በ1889 በዚያ ሠፈር ሃል ሃውስ የሚባል ቤት ከፍታ ነበር። በዚያ ቤት የሴቶች ክለብ ተቋቋመ። እኛ ማኅበር እንደምንለው ማለት ነው፤ እነሱ ሻይ ይጠጣሉ፣ እኛ ጠላ እንጠጣለን፣ ልዩነቱ እዚህ ላይ ነው። እነዚያ ሴቶች ሌላ ሥራ አልፈጠሩም። ማታ ማታ ቀሚሳቸውን ሰብስበው በየጓሮው እየዞሩ ያልተነሳ ቆሻሻ የት የት እንዳለ መዘገቡ። በሁለት ወር ውስጥ ከ1 ሺህ በላይ የደንብ ጥሰት በጽሑፍ አድርገው ለከተማው ጤና ጥበቃ ላኩ። ሹማምንቱ መጀመሪያ ሳቁ። በኋላ መሳቁ አላዋጣም። እ.ኤ.አ. በ1895 የከተማው ከንቲባ ጄን አዳምስን የ19ኛው ቀጠና የቆሻሻ ተቆጣጣሪ አድርጎ ሾማት። ከለሊቱ አሥራ ሁለት ሰዓት እየተነሳች የቆሻሻ ጋሪ ስትከተል ትውል ነበር። ይቺው ሴትዮ እ.ኤ.አ. በ1931 የኖቤል የሰላም ሽልማት ተሰጣት። የአሜሪካ ሴቶች በመላ አገሪቱ የመምረጥ መብት ያገኙት እ.ኤ.አ. በ1920 ነው። ልብ በሉ! ፖለቲካው የጀመረው ከካርዱ ሃያ አምስት ዓመት ቀደም ብሎ፣ ከቆሻሻው ክምር ላይ ነው።

ይህን ያነሳሁት ፈረንጅ ስለሠራው አይደለም። መዝግበው ስላስቀመጡት ነው። ቁጥሩን ጽፈዋል፣ ቀኑን ጽፈዋል፣ እኔም ዛሬ ደብረ ታቦር ቆሜ ልነግራችሁ ቻልኩ። ይቺን ነገር ያዙልኝ፣ ኋላ እመለስባታለሁ።

እኛ ጋስ?

እኛ ጋ ትልቋን ከተማ የቆረቆሩት ሴት ናቸው። በ1879 ዓ.ም. እቴጌ ጣይቱ ብጡል ከእንጦጦ ብርድ ወደ ፍል ውኃ ወርደው፣ ቦታውን ወደው፣ ቤት እንዲሠራ አድርገው፣ «አዲስ አበባ» ብለው ስም አወጡ። ባለቤታቸው ምኒልክ ያኔ ገና የሸዋ ንጉሥ ናቸው። ዘመቻ ላይ ነበሩ፤ ሲመለሱ ከተማው ተጀምሯል! ጣይቱ በዘራቸው የእኛው አገር ሰው ናቸው፤ አባታቸው ከስሜን ባላባቶች ወገን ነበሩ። ወንድማቸው ራስ ወሌ፣ የወንድማቸው ልጅ ደግሞ እዚህ ደብረ ታቦር ተቀምጠው በጌምድርን የገዙት ራስ ጉግሣ ወሌ ናቸው። ስለዚህ የአዲስ አበባ ሰዎች ስለ እቴጌይቱ ሲያወሩ እኛ ዝም ብለን የምንሰማበት ምክንያት አይታየኝም።

ውጫሌንና ዓድዋን ሁላችሁም ታውቃላችሁ፤ መቀሌ ላይ የጠላት ምሽግ ውኃ የተያዘበት ዘዴ የእሳቸው እንደነበር ተጽፏል። እኔን ግን ይበልጥ የሚገርመኝ ከዓድዋ በኋላ ያለው የከተማ ሥራቸው ነው። በ1900 ዓ.ም. ገደማ በአገሪቱ የመጀመሪያ የሆነውን ሆቴል ከፈቱ። ያኔ በገንዘብ እንጀራ መብላት ነውር ነው። እንግዳ ይጋበዛል እንጂ ይከፍላል እንዴ? መኳንንቱ እየበሉ ሳይከፍሉ ስለሄዱ ምኒልክ ራሳቸው ከፍለው እየበሉ አስለመዱ ይባላል። ሆቴሉ በ2007 ዓ.ም. ጥር ላይ እሳት ጎድቶት እንደገና ታድሷል። አስቡት፤ የአንድን ከተማ ሕዝብ «ለምግብ ይከፈላል» ብሎ ማስለመድ ከፖለቲካ በምን ያንሳል?

ምኒልክ ሲታመሙ ደግሞ ጉዳዩ ሁሉ በእቴጌይቱ በኩል ሆነ። መሾም መሻር ጀመሩ። ዘመዶቻቸውን በጋብቻ እያያያዙ በየቦታው አስቀመጡ፤ የምኒልክን ልጅ ዘውዲቱን ለጉግሣ ወሌ ያጋቡት እሳቸው ናቸው። የሸዋ መኳንንት ይህን አልወደዱም። መጋቢት 12 ቀን 1902 ዓ.ም. ተሰብስበው፣ እቴጌይቱ ባለቤታቸውን ከማስታመም በቀር በመንግሥት ሥራ እጃቸውን እንዳያስገቡ ወሰኑ። አለቀ! ከተማ ቆርቁረው፣ ጦር መርተው፣ ውል አስፈርሰው፣ በመጨረሻ «አስታማሚ» ተባሉ። እንጦጦ ማርያም ገብተው የካቲት 4 ቀን 1910 ዓ.ም. አረፉ።

እዚህ ላይ ልቆይ፤ የዛሬው ነገሬ ሁሉ ያለው እዚህ ላይ ነውና። እቴጌ ጣይቱ ብልህ አልነበሩም? ነበሩ። ደፋር አልነበሩም? እንዴታ! ታዲያ በአንድ ቀን ስብሰባ እንዴት ወደቁ? እኔ የሚመስለኝን ልንገራችሁ። ሥልጣናቸው የቆመው በሁለት ነገር ላይ ነበር፤ በባላቸው እስትንፋስና በዘመድ ጋብቻ። ከኋላቸው ማኅበር አልነበረም። «እቴጌይቱን ከመንበሯ ብታነሱ እኛ እንጠይቃችኋለን» የሚል የሴት ስብስብ፣ የነጋዴ ስብስብ፣ የሠፈር ስብስብ አልነበረም። ጓዳው ብቻ ነበር። ጓዳ ደግሞ የቤቱ ጌታ ሲታመም ይታመማል።

«ጊዜው ነው፣ ምን ታድርግ?» ትሉኝ ይሆናል። ልክ ናችሁ። ብቻ የልጃቸውን፣ የእንጀራ ልጃቸውን ማለቴ ነው፣ የዘውዲቱን ታሪክ እዩት። መስከረም 17 ቀን 1909 ዓ.ም.፣ በመስቀል ዕለት፣ ልጅ ኢያሱ ተሽረው ዘውዲቱ ንግሥተ ነገሥታት ተባሉ። የካቲት 4 ቀን 1909 ዓ.ም. ዘውድ ጫኑ፤ ጣይቱ ከማረፋቸው ልክ አንድ ዓመት ቀድሞ፣ በዚያው በየካቲት 4። ዘውዱን የጫኑት ግን ከባላቸው ከራስ ጉግሣ ተለይተው ነው። አልጋውና ባሉ አብረው እንዳይሆኑ መኳንንቱ ተጠንቅቀዋል። ዘውዱ የሳቸው፣ አልጋ ወራሽነቱና ሥራው የራስ ተፈሪ ሆነ። ጉግሣ እዚህ ደብረ ታቦር ተቀመጡ፣ መጻሕፍት ሰበሰቡ፣ አገር አስተዳደሩ፣ ውስጣቸው ግን አልበረደም። በመጨረሻ መጋቢት 22 ቀን 1922 ዓ.ም. አንቺም ላይ ከማዕከላዊው ጦር ጋር ገጥመው ሞቱ፤ አውሮፕላን በአገራችን ጦርነት ላይ የዋለበት የመጀመሪያው ቀን እሱ ነው ይባላል። በሁለተኛው ቀን፣ መጋቢት 24፣ ንግሥቲቱም አረፉ። እንግዲህ ደብረ ታቦር ላይ ስለዚህ ጉዳይ ሲወራ «ባልና ሚስቱ በአንድ ሳምንት» ተብሎ እንባ ይነቃል፤ ይገባኛል። እኔ ግን አንዲት ጥያቄ ሁልጊዜ ትከነክነኛለች። አሥራ ሦስት ዓመት ዘውድ ጭነው የኖሩ ሴት፣ በከተማዋ ውስጥ «የኔ» የሚሉት አንድ ድርጅት ሳይኖራቸው እንዴት ሞቱ?

ማኅበር በሚለው ስም፣ በወረቀት፣ በሊቀመንበርና በጸሐፊ የቆመው የሴቶች ስብስብ የመጣው ከዚህ አምስት ዓመት በኋላ ነው። እ.ኤ.አ. በ1935፣ የጣሊያን ጦር ኤርትራ ላይ እየተከማቸ ሳለ፣ የኢትዮጵያ ሴቶች በጎ አድራጎት ማኅበር በአዲስ አበባ ተቋቋመ። ጠባቂዋ እቴጌ መነን፣ ዋና ተንቀሳቃሿ ልጃቸው ልዕልት ፀሐይ ነበሩ። ሴቶቹ ፋሻ ጠቀለሉ፣ ልብስ ሰፉ፣ ለዘማች ስንቅ አዘጋጁ፣ ከመርዝ ጋዝ የሚከላከል መሸፈኛ ሠሩ። እቴጌ መነን ደግሞ ጦርነቱ ሊጀመር ሲል በሬድዮ ለዓለም ሴቶች ተናገሩ። ልብ አላችሁ? ለመንግሥታት ሳይሆን ለሴቶች!

ያ ጥሪ ባዶ ሜዳ ላይ አልወደቀም። ለንደን ውስጥ ሲልቪያ ፓንክኸርስት የምትባል ሴት ነበረች። እናቷና እህቷ እ.ኤ.አ. በ1903 ማንቸስተር ላይ ለሴቶች የመምረጥ መብት የሚታገለውን ማኅበር የመሠረቱ ናቸው። ሲልቪያ ራሷ ስለዚሁ ጉዳይ ደጋግማ ታስራለች፣ እህል አልቀምስም ብላ በግድ በቱቦ መግበዋታል። ከቤተሰቧ ተለይታ በምሥራቅ ለንደን ድሃ ሠፈር የሴቶች ማኅበር አቋቁማ፣ በዋጋው ልክ ምግብ የሚሸጥበት ምግብ ቤትና ለእናትና ለሕፃን የሚሆን ክሊኒክ ከፍታ ነበር። ይቺ ሴት እ.ኤ.አ. በግንቦት 1936፣ ጣሊያን አዲስ አበባ በገባበት ሰሞን፣ ስለ ኢትዮጵያ ብቻ የሚጮህ ጋዜጣ ጀመረች። ሃያ ዓመት አሳተመችው! እኔ አንድ ጽሑፍ አሳትሜ ለመክፈል ሦስት ወር የሚያመላልሱኝ ሰዎች ይህን ቢሰሙ ደስ ይለኛል። በኋላም በልዕልት ፀሐይ ስም ለሚሠራው ሆስፒታል ገንዘብ አሰባሰበች፣ እ.ኤ.አ. በ1956 ጠቅልላ አዲስ አበባ ገባች፣ እ.ኤ.አ. በ1960 አረፈች፣ ቀብሯም በቅድስት ሥላሴ ካቴድራል ሆነ። በለንደን ድሃ ሠፈር የተጀመረ የሴቶች ማኅበር ሥራ መጨረሻው አራት ኪሎ ደረሰ ማለት ነው።

በአገር ውስጥ ደግሞ ወይዘሮ ሸዋረገድ ገድሌን አስታውሱ። ንብረታቸውን ለአርበኞች ያዋሉ፣ በከተማ ውስጥ መረጃና ትጥቅ ያቀባበሉ፣ ተይዘው ጣሊያን አገር አዚናራ ደሴት የታሰሩ ሴት ናቸው። ወይዘሮ ስንዱ ገብሩም እዚያው ደሴት ታስረዋል። ስንዱ የከንቲባ ገብሩ ደስታ ልጅ ናቸው። «ከንቲባ» የሚለው ማዕረግ ራሱ የጎንደር ነው፤ ዛሬ ከሞያሌ እስከ ሽሬ ከተማ የሚያስተዳድር ሁሉ የሚጠራበት ስም ከእኛ አገር የወጣ ነው። አባታቸው በጎንደር ከንቲባ ነበሩ። ልጅቱ ስዊዘርላንድ ተምረው፣ ተመልሰው፣ ከጥቁር አንበሶች ጋር ጎሬ ድረስ ሄደው፣ ታስረው፣ ከነፃነት በኋላ የእቴጌ መነን ትምህርት ቤትን መሩ። በ1948ቱ የተሻሻለ ሕገ መንግሥት ሴቶች የመምረጥና የመመረጥ መብት ሲያገኙ፣ በ1950 ዓ.ም. ሥራ በጀመረው ምክር ቤት ብቸኛዋ ሴት ሆነው ገቡ። በኋላም የምክር ቤቱ ምክትል ፕሬዚዳንት ሆኑ። የከንቲባ ልጅ ምክር ቤት ገባች። ግን የከንቲባነቱን ወንበር ሴት እስክትይዘው ስንት ዘመን ፈጀ? ወይዘሮ አዳነች አቤቤ የአዲስ አበባ ከንቲባ ተብለው የተመረጡት በመስከረም 2014 ዓ.ም. ነው። ሴት ከቆረቆረችው ከተማ ላይ ሴት ከንቲባ ለመሆን አንድ መቶ ሠላሳ አምስት ዓመት! (ሰውየዋን እየደገፍኩ ወይም እየነቀፍኩ አይደለም፤ ቁጥሩን ነው የምናገረው።)

ከዚያ በኋላ ያለውን በአጭሩ ልለፈው፤ ብዙዎቻችሁ ከእኔ የበለጠ ታውቁታላችሁ። በጃንሆይ ጊዜ በጎ አድራጎቱ በየጠቅላይ ግዛቱ ቅርንጫፍ ነበረው፤ በአብዛኛው ሊቀመንበሯ የገዥው ባለቤት ናት፣ ገዥው ሲሻር እሷም ትሻራለች። ደርግ በ1972 ዓ.ም. የአብዮታዊ ኢትዮጵያ ሴቶች ማኅበርን አቋቋመ፤ እናቶቻችን በሰልፍ ተሰለፉ፣ መዋጮ ከፈሉ፣ መፈክር ጮኹ። እውነቱን ለመናገር መሠረተ ትምህርትም ተማሩ፤ እናቴ ስሟን መጻፍ የለመደችው ያኔ ነው፣ ይህን አልክድም። በ1983 ዓ.ም. መንግሥት ሲወድቅ ማኅበሩም አብሮ ወደቀ። ከዚያ ሊግ መጣ፣ የልማት ቡድን መጣ፣ አንድ ለአምስት መጣ። ስሙ ይለዋወጣል፤ ሊቀመንበሯን የሚመርጠው ግን ሁልጊዜ ከላይ ነው።

አንድ ለየት ያለ ነገር የኢትዮጵያ የሕግ ባለሙያ ሴቶች ማኅበር ነው። በ1988 ዓ.ም. አካባቢ ጥቂት ሴት የሕግ ባለሙያዎች ተሰባስበው ለተበደለች ሴት በነፃ መቆም ጀመሩ። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ባልን የቤቱ አለቃ ያደርጋል፣ ለሴት ልጅ ጋብቻም 15 ዓመት ይበቃል ይላል። ይህ እንዲለወጥ ከጎተጎቱት ዋነኞቹ እነሱ ነበሩ፤ በ1992 ዓ.ም. የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ 18 ዓመት አለ፣ አለቅነቱንም አነሳ። የእኛ ክልል የቤተሰብ ሕግ በ1995 ዓ.ም. ወጣ። በዚህ ደጋ ስንት ልጅ ከደብተሯ ተነጥቃ ወደ ሙሽራ በቅሎ እንደወጣች ለእናንተ አልነግራችሁም። ማኅበሩስ ምን ገጠመው? እ.ኤ.አ. በ2001 አንዲት የተበደለች ሴት ፍትሕ አላገኘችም ብሎ መንግሥትን ስለነቀፈ ለጥቂት ሳምንት ታገደ። በ2001 ዓ.ም. ደግሞ (አሁን በእኛ አቆጣጠር ነው) የበጎ አድራጎት አዋጅ 621 ወጣና በመብት ሥራ ላይ ያለ ማኅበር ከውጭ ከ10 በመቶ በላይ ገንዘብ እንዳያገኝ ከለከለ። ማኅበሩ ቀጨጨ። አዋጁ የተሻረው በ2011 ዓ.ም. ነው። በዚያው ዓመት ከመሥራቾቹ አንዷ ወይዘሮ መዓዛ አሸናፊ የጠቅላይ ፍርድ ቤት ፕሬዚዳንት ሆኑ፤ እስከ 2015 ዓ.ም. ቆዩ። ይህን ሁሉ ያወራሁት አንድ ነገር ለማሳየት ነው፤ በራሱ እግር የቆመ ማኅበር ሕግ ያስለውጣል፣ ለዚህም ነው የሚታገደው።

አሁን ወደ ቤት ልመለስ።

እናቴ የማርያም ማኅበርተኛ ነበረች፤ አሥራ ሁለት ሴቶች፣ ወር በገባ በሃያ አንድ። ማኅበሩ ለጽዋ ብቻ አልነበረም። በዚያ ገጠር ምጥ የጠናባት ሴት በቃሬዛ ተይዛ ነው ወደዚህ ወደ ደብረ ታቦር ሆስፒታል የምትመጣው። ወንዶቹ እርሻ ላይ ከሆኑ ቃሬዛ የሚሸከም ይጠፋል። ስለዚህ ሴቶቹ ስሙኒ ስሙኒ እያዋጡ ለተሸካሚ የሚከፈል፣ በክረምት ደግሞ ለበቅሎ ኪራይ የሚሆን ገንዘብ በእንስራ ውስጥ ያስቀምጡ ነበር። በደርግ ዘመን፣ እኔ ሳልወለድ፣ አንድ ሰው ከከተማ መጣ። ከየትኛው መሥሪያ ቤት እንደሆነ አልናገርም፤ መሥሪያ ቤቱም አሁን የለም። «የማኅበርተኞቹን ስም ዝርዝር አምጡ» አለ። ሙሴያቸው የነበሩት አሮጊት «የኛን ስም ማርያም ታውቀዋለች» አሉት። ሰውየው ሳቀና ከጎረቤት ጠይቆ አሥራ ሁለቱንም ጻፈ። በሚቀጥለው ወር ተመልሶ መጣ። የእንስራው ገንዘብ «ለእናት አገር ጥሪ» ተባለና ተወሰደ። ብር 43 ነበር። ደረሰኝ ቆረጠላቸው። ሐምራዊ ማኅተም ያለበት ደረሰኝ ነው፤ እናቴ ሣጥኗ ውስጥ አለ፣ አይቼዋለሁ። በዚያ ክረምት ከአሥራ ሁለቱ አንዷ በምጥ ሞተች። በቅሎ ቢኖር ትድን ነበር ወይ? እሱን እግዜር ነው የሚያውቀው። እናቴ ግን ደረሰኙን ስታሳየኝ ስለ ገንዘቡ አንድም ቀን ተናግራ አታውቅም። «ማኅበሩ የኛ፣ ማኅተሙ የነሱ» ነው የምትለው።

ይህ የጥንት ነው እንበል። እሺ። ጥቂት ዓመት የሆነውን ልንገራችሁ። ከዚህ ብዙም በማትርቅ፣ ስሟን በማልጠራት አንዲት ከተማ፣ የቦኖ ውኃ የት ይተከል በሚል ስብሰባ ተጠራ። ልዘግብ ሄጄ ነበር። ሴቶቹ ዋዜማውን በማኅበራቸው ተሰብስበው መክረዋል፤ ከላይኛው ሠፈር እስከ ምንጩ ስንት እርምጃ እንደሆነ፣ ስንት ጀሪካን በቀን እንደሚቀዳ፣ የትኛው መንገድ በክረምት እንደሚያንሸራትት፣ አንድ በአንድ ቆጥረዋል። እኔ በጋዜጠኝነት ዘመኔ እንደዚያ ያለ ጥናት አላየሁም! አንዲት እናት ተነስተው መናገር ሲጀምሩ ሰብሳቢው «እናታችን፣ የሴቶች ጉዳይ በሴቶች ጉዳይ በኩል ይቅረብ» አላቸው። እሳቸውም ቆም ብለው አዩትና «ልጄ፣ ውኃ የሴት ጉዳይ ከሆነ ዛሬ ማታ ቤትህ ስትገባ አትጠጣ» አሉት። አዳራሹ ሳቀ። ሰብሳቢውም ሳቀ። ቦኖው ግን ሴቶቹ ባሉት ቦታ አልተተከለም። ቃለ ጉባኤው ላይ የሴትዮዋ ንግግር አለ ወይ ብዬ በኋላ ጠየቅሁ። የተጻፈው «በውኃ ጉዳይ ላይ ሰፊ ውይይት ተደርጓል» የሚል አንድ መስመር ብቻ ነው።

ታዲያ ቺካጎን ያነሳሁት ለዚህ ነው። እነዚያ ሴቶች ከ1 ሺህ በላይ ጥሰት መዝግበው ስለላኩ «ሰፊ ውይይት ተደርጓል» ብሎ መዝጋት አልተቻለም። የኛዎቹ ቆጥረዋል፣ ግን አልጻፉም። የቆጠሩት በራሳቸው ውስጥ ቀረ።

ስለዚህች ከተማ የተጻፈውን ሳነብም የሚገጥመኝ ይኸው ነው። ጋፋት ላይ ስለተሠራው ስለ ሴባስቶፖል መድፍ የተጻፈው ብዙ ነው። አንጥረኞቹን ማን አበላቸው፣ ከሰሉን ማን ተሸከመ፣ ማንም አይጽፍም። ከሁሉም በላይ ቅርብ የሆነውን እንይ። በነሐሴ 2013 ዓ.ም. የሕወሓት ተዋጊዎች ነፋስ መውጫን በያዙበት ጊዜ በሴቶች ላይ የደረሰውን፣ አምነስቲ ኢንተርናሽናል አሥራ ስድስት ሴቶችን አነጋግሮ በጥቅምት ማብቂያ 2014 ዓ.ም. አወጣው። ከለንደን የመጣ ድርጅት ነው የጻፈው! ጽፎ ስላወጣ እግዜር ይስጠው። ግን እህት ማኅበሮቻችን በዚያው ወር ደጃቸውን የከፈቱላቸውን፣ ልብስ የሰጧቸውን፣ ዝም ብለው አብረዋቸው የተቀመጡትን ማን ይጽፋል? ከ2015 ዓ.ም. ሐምሌ ማብቂያ ጀምሮ በክልላችን በመከላከያና በፋኖ መካከል በተነሳው ውጊያ መንገድ ሲዘጋ፣ ባንክ ሲቆም፣ ገበያ ሲበተን፣ በየሠፈሩ ማን ከማን ጋር ጤፍ ተካፈለ? እናንተ ታውቃላችሁ። በወረቀት ላይ ግን የለም። በወረቀት ላይ ከሌለ ደግሞ ነገ አንድ ሰው ሐምራዊ ማኅተም ይዞ ይመጣና «ይህን ያደረግነው እኛ ነን» ይላል። ትጠራጠራላችሁ?

«እኛ መጻፍ አንችልም» እንዳትሉኝ። ከመካከላችሁ አስተማሪ አይቻለሁ፤ ነርስ አይቻለሁ፤ አሥራ ሁለተኛ ክፍል የጨረሱ ልጆቻችሁ እዚያ ማዕዘን ተቀምጠው ስልካቸውን እየነካኩ ነው። «ጻፍን ብንባል እንጠየቃለን» የሚል ፍርሃትም እንዳለ አውቃለሁ። እኔም እፈራለሁ፤ የምኖረው በዚህ አገር ነው። ግን የቦኖ መንገድ ስንት እርምጃ እንደሆነ መጻፍ ወንጀል የሆነበትን ሕግ እስካሁን አላየሁም። ስንት ሴት በቃሬዛ እንደመጣች፣ የበቅሎው ኪራይ ስንት እንደነበር፣ ለየትኛው ልጅ ደብተር እንደተገዛ። ይህን ጻፉ። ሊቀመንበራችሁን ራሳችሁ ምረጡ። የገንዘቡን ቁልፍ ሁለት ሰው ይያዘው። ማኅተም ካስፈለገ ገበያ ወርዳችሁ እናንተው አስቀርጹ፤ አንዱ ከተማ ላይ እንዲህ ያደረጉ ሴቶች አግኝቻለሁ፤ ማኅተማቸው ላይ ጽዋ ነው ያለው።

ስመጣ መንገድ ላይ ከአንዱ ሱቅ ባለ 200 ገጽ ደብተር ገዝቻለሁ። ይኸውና፣ ጠረጴዛው ላይ ትቼዋለሁ። የመጀመሪያው ገጽ ላይ የዛሬውን ቀንና የተገኙትን ሴቶች ስም የሚጽፍ አንድ ሰው እፈልጋለሁ። ስማችሁን የማትፈልጉ «አንዲት እናት» በሉት፣ ይበቃል። እናቴ እንኳ ስሟን ብቻ ነው መጻፍ የለመደችው፤ ከርሷ መጀመር ትችላላችሁ፣ እዚያ ከኋላ ነጠላዋን አጣፍታ የተቀመጠችው ናት።

እናቴ፣ ነይ እስቲ። እንጀራው ይቆይ።